የሃንጋሪዋን ተዋናይት የማሪ ቶሮቺክን ፊልሞች ከየት ልጀምር? (መልስ)

ሰላም ወንድሜ። «ኢንተርኔት ላይ ስሟን ስጽፍ ውጤቱ ይዘበራረቅብኛል» ላልከው፣ ሃንጋሪዎች የቤተሰብ ስም ያስቀድማሉ። ስለዚህ «ቶሮቺክ ማሪ» ብለህም ሞክር።

መጀመሪያ የዳይሬክተር ዞልታን ፋብሪን «ኮርሂንታ» (1956) እይ። ያኔ ገና የትወና ተማሪ ነበረች። አባቷ ለመሬት ሲል ለማትወደው ሊድራት የሚፈልግ የገጠር ልጅ ሆናለች። የሰርጉን ጭፈራ እንዳትዘል፤ ካሜራው አብሯቸው ሲሽከረከር ፊቷን ብቻ ተከተል፣ ፍርሃቱም ፍቅሩም እዚያ አለ።

ቀጥሎ የካሮይ ማክ «ሰረለም» (1971)። ትርጉሙ «ፍቅር» ስለሆነ ስመ ሞክሼው ብዙ ነው፤ የዳይሬክተሩን ስምና ዓመቱን ካልጨመርክ ሌላ ፊልም ታወርዳለህ። በፊልሙ ውስጥ ባሏ የፖለቲካ እስረኛ ነው፤ እሷ ግን ለሞት ለተቃረበችው አማቷ «ልጅሽ አሜሪካ ፊልም እየሠራ ነው» የሚል የሐሰት ደብዳቤ ታዘጋጃለች። አማቲቱ ሊሊ ዳርቫሽ ናት። ሁለቱ አልጋ ዳር ሲነጋገሩ ቶሮቺክ ድምጿን ከፍ አታደርግም፣ ለእኔ ከሥራዎቿ ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው።

በ1976 በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የምርጥ ተዋናይት ሽልማትን ከዶሚኒክ ሳንዳ ጋር የተጋራችው ግን በባሏ በጁላ ማር ፊልም ነው፤ የ19ኛው ክፍለ ዘመን ተዋናይት ዴሪኔን ተጫውታለች። ዝግ ያለ ስለሆነ በእሱ አትጀምር። ያረፈችው በ2021 ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።