ሪሲቨር ከመግዛትህ በፊት ዲሹን አዙረው

ወንድሜ፣ «ደብረ ሲና ቤት ቀይሬ ዲሹን ከተከልኩ ወዲህ ስትሬንግዙ (የሲግናሉ ጉልበት) 85 ይላል፣ ኳሊቲው (የሲግናሉ ጥራት) ዜሮ። ኢትዮሳት እምቢ አለኝ፣ ሪሲቨሩ ተቃጥሏል አሉኝ» ላልከው፦ ብርህን ኪስህ አቆየው። እኔም ከጣርማበር ስር ነኝ፣ ይሄን ነገር አውቀዋለሁ።

1. ስትሬንግዝ አያታልልህ። ዲሹ ባዶ ሰማይ እያየም ቁጥሩ ሊሞላ ይችላል። ሳተላይቱን ማግኘትህን የሚነግርህ ኳሊቲው ብቻ ነው።

2. አቅጣጫ። ናይልሳት 7 ዲግሪ ምዕራብ፣ ኢትዮሳት 57 ዲግሪ ምስራቅ ላይ ነው። ከእኛ አገር ናይልሳትን የሚያይ ዲሹ ወደ ምዕራብ ዞሮ ቆም ይላል። ለኢትዮሳት ግን ወደ ደቡብ ምስራቅ ዞሮ ወደ ላይ ያንጋጥጣል፤ ከአድማሱ 67 ዲግሪ ገደማ ነው። ሊጋደም የደረሰ ሲመስልህ አትደንግጥ።

3. ባለሙያ ነኝ የሚልህን ሁሉ አትመን። እኔ ጋ የመጣው ጣሪያ ላይ ወጥቶ ሁለቴ ወዘወዘውና «ተራራው ነው የከለከለው» አለ። ተራራው በምዕራብ፣ ሳተላይቱ በደቡብ ምስራቅ! ቀጥሎ «ጉሙ ነው» አለ። ጉም ምንም አያደርግም፤ የሚያጠፋው ከባድ ዝናብ ነው። ሂሳቡን ተቀብሎ ሄደ። ሪሲቨሩን ይዤ ደብረ ብርሃን ሄድኩ፤ ባለሱቁ ሳይሰካው «ተቃጥሏል» ብሎ አዲስ ሸጠልኝ። ቤት መጥቼ ስሰካው ያው ዜሮ። ልመልስ ብሄድ ከስልኩ ቀና ሳይል ግድግዳው ላይ ያለውን «የተሸጠ ዕቃ አይመለስም» በጣቱ አሳየኝ። ያ «የተቃጠለ» ሪሲቨር ዛሬም እየሰራ ነው።

በመጨረሻ ራሴው ወጣሁ። ልጄ ቲቪው ስር ሆኖ ቁጥሩን ይጮህልኛል። ቡሎኑን ላላ አድርገህ፣ ዲሹን በጣም በትንሹ ገፋ፣ ከዚያ ቆም። ሪሲቨሩ ለመያዝ ጥቂት ሰከንድ ይፈልጋል፤ ሰው የሚሳሳተው ቶሎ ቶሎ ሲያዞር ነው። ሳተላይቱ 36,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። እዚህ አንድ ዲግሪ ከሳትክ እዚያ ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ ስተሃል። የስልክህን ኮምፓስ ደግሞ ከዲሹ ብረት አርቀህ እይ፣ ያሳስትሃል። ፊት ለፊቱ ባህር ዛፍ ካለም ቦታ ቀይር።

ኳሊቲው ከመጣ በኋላ ግማሹ ቻናል ከጠፋብህ ኤል ኤን ቢውን (ከዲሹ ፊት ያለውን ሲግናል ተቀባይ) በመያዣው ውስጥ ትንሽ ጠምዘዝ አድርገው። ቡሎኑን ስታጠብቅም ዓይንህ ከኳሊቲው አይነሳ፣ ሲጠብቅ ይንሸራተታል። አሁን የሰፈሩ ሰው ዲሽ ሲበላሽበት የሚጠራው እኔን ነው፣ ያውም በነጻ። እምቢ ካለህ የዲሹን ፎቶ ከጎኑ አንስተህ እዚህ ለጥፍ፣ አየዋለሁ።