ለቴሌቪዥን ሙዚቃ መድረስ ለምትፈልግ ተማሪ

ውድ እህቴ፣

ሙዚቃ ትምህርት ቤት ልትጨርሺ እንደሆነ፣ ለቴሌቪዥንና ለቀጥታ ስርጭት ዝግጅቶች ሙዚቃ መድረስ እንደምትፈልጊ ጽፈሽልኛል። አንድ ጣቢያም የዜና መግቢያ ሥሪልን ብሎሽ «ምን ዓይነት ናሙና ልላክ? በአንድ ጊዜ ክፍያስ ልስማማ?» ብለሻል።

የላክሽልኝን ሥራዎች ሰምቻለሁ። በአምባሰል ቅኝት የሠራሽው በጣም ያምራል፤ ግን ዋናው ዜማ የሚመጣው ግማሽ ደቂቃ ካለፈ በኋላ ነው። በዚያ ሰዓት የዜና መግቢያ አልቋል። ወጥ ቤት ያለ ሰው በመጀመሪያዎቹ ሦስት ሰከንዶች «ዜና ጀመረ» ማለት አለበት።

ስለዚህ መጀመሪያ የሰከንዱን ርዝመት አስቢ። በ4/4፣ በቴምፖ 96 (በደቂቃ 96 ምት) አራት ምት የያዘው አንድ ባር 2.5 ሰከንድ ስለሚወስድ 12 ባር 30 ሰከንድ ይሞላል። የችክችካ ምት በ6/8 ከሆነና በባር ሁለት ጊዜ የሚመታው ዋናው ምት በደቂቃ 120 ከሄደ ደግሞ አንዱ ባር ልክ አንድ ሰከንድ ነው። የመጨረሻው ምት 28ኛው ሰከንድ ላይ ይረፍ፤ ቀሪው ድምፁ እስኪከስም ይሁን። ከዚያው ዜማ የ15 እና የ5 ሰከንድ ቅጂ አውጪ፤ ድምፁን ዝቅ እያደረጉ መቁረጥ ግን አይሆንም፣ እንደገና ይጻፋል። አንባቢዋ ርዕሰ ዜናዎቹን ስታነብ ከሥር ለሚሄደው ማጀቢያ ማሲንቆ አትጠቀሚ፤ የሰው ድምፅ ክልል ውስጥ ስለሚገባ ከእሷ ጋር ይሻማል። ቤዝና ከበሮ ይበቃሉ።

ቀጥታ ስርጭት ሌላ ዓለም ነው፤ እኔ የምወደውም እሱን ነው። የሽልማት ሥነ ሥርዓት ላይ ስሙ የተጠራው ሰው ከፊት ወንበር ከሆነ በ15 ሰከንድ መድረክ ይወጣል፤ ከኋላ ከሆነ፣ መንገድ ላይ እናቱን አቅፎ ካለቀሰ፣ ደቂቃ ያልፋል። ያንን ማንም አስቀድሞ አያውቅም። ስለዚህ የ4 ወይም የ8 ባር ዙር ጻፊ፤ ሳይሰለች የሚደጋገም፣ ዳይሬክተሩ «ዝጋ» ሲል ከየትኛውም ባር ተነስቶ የሚገባ አጭር መዝጊያ ያለው። ባንድ ካለ፣ ከምስል ጋር እንዲገጥም ከበሮ መቺው ጆሮ ውስጥ ክሊክ፣ ማለትም ምቱን የሚቆጥርለት ድምፅ፣ ይግባ።

የቻምፒዮንስ ሊግን መዝሙር አጥኚ። እንግሊዛዊው የሙዚቃ ደራሲ ቶኒ ብሪተን በ1992 እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ከጥንቱ የሙዚቃ ደራሲ ከሄንደል የ1727 የዘውድ በዓል መዝሙር ተነስቶ ነው ያዘጋጀው። ስታዲየም ውስጥም፣ ከማስታወቂያ ስንመለስም የምንሰማው ያንኑ ዜማ ነው።

ክፍያውን በተመለከተ አደራ። በቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ በትዕዛዝ የተሠራ ሥራ ባለመብት ያዘዘው ወገን ነው። በቃል ብቻ ተስማምተሽ ከሰጠሽ ዜማው የእነሱ ሊሆን ይችላል። የአንድ ጊዜ ክፍያ በራሱ ክፉ አይደለም፤ ለዚያ ዜና ብቻና ለተወሰኑ ዓመታት ከሆነ እኔ እቀበለው ነበር። ለማስታወቂያም፣ ለዩቲዩብም፣ ለሁልጊዜም ከሆነ ግን ዋጋው ሌላ ነው። ስምሽ እንዲጠቀስም አስጽፊ። መሣሪያዎቹን ለየብቻ የያዙትን ፋይሎች ሳይፈረም አትላኪ።

ለናሙና፣ ከምታውቂው ጣቢያ የአንዱን ዜና መግቢያ ድምፁን አጥፍተሽ በራስሽ ሙዚቃ ሥሪው። የውሉ ረቂቅ ሲደርስሽም ሳትፈርሚ ላኪልኝ፤ አብረን እናየዋለን።