ከዱቤ ደብተር የሚነሣ የፖለቲካ ፊልም

እህታችን፣ «ስለ ኑሮ ውድነት ዘጋቢ ፊልም ልሠራ ነው፤ ባለሥልጣናትንና ምሁራንን ከማናገር ይልቅ በአንድ ሰፈር ሕይወት ላይ ባተኩር ፖለቲካው አይጠፋብኝም ወይ?» ብለው ላነሡት ጥያቄ፣ በዚሁ ሥራ ላይ እንዳለ ሰው የማምንበትን ልመልስልዎት። አይጠፋም፤ ነገር ግን የመንግሥት ውሳኔ እሰው እጅ የሚገባበትን ቦታ አስቀድመው ማግኘት አለብዎት።

እኔ ያን ቦታ ያገኘሁት አዲስ አበባ ውስጥ በአንዲት የሰፈር ሱቅ ነው። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ጀምሮ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ ባሉት ወራት ባለሱቁን እየተመላለስኩ እቀርጽ ነበር፤ ስለ ምንዛሪው ግን አንድም ጥያቄ አላቀረብኩለትም። አንዲት ደንበኛ የዘይቱን ዋጋ ስትሰማ ያነሣችውን ጠርሙስ ባንኮኒው ላይ መልሳ፣ «እንግዲያው ከጀሪካኑ ግማሽ ሊትር ቅዳልኝ» አለችው፤ እርሱም ምንም ሳይመልስላት የዱቤ ደብተሩን ገልጦ የቀደመ ዕዳዋን አየና መቅዳት ጀመረ። ይህ ሁሉ ሲሆን መደርደሪያው ላይ ያለው ሬዲዮ ስለ ኢኮኖሚ ማሻሻያው ያወራ ነበር። ከአንድ የኢኮኖሚ ባለሙያ ጋር ያደረግሁትን ረጅም ቃለ መጠይቅ በአርትዖት ጊዜ ያወጣሁት በዚህ ምክንያት ነው፤ ባለሙያው የተናገረው ሁሉ ትክክል ቢሆንም፣ ተመልካቹ ከጀሪካኑና ከደብተሩ የተረዳውን መልሶ ከመንገር አላለፈም።

ለዚህ አካሄድ ከራሳችን ሰዎችም አብነት አለን። ፊልም ሠሪዋ ሳሌም መኩሪያ እ.ኤ.አ. በ1997 «የወንዝ ማዕበል» በተሰኘው ፊልማቸው የተማሪዎቹን ንቅናቄና አብዮቱን የተረኩት፣ ደብዛው ከጠፋው ወንድማቸውና ከተገደለችው የቅርብ ጓደኛቸው ተነሥተው ነው። ይህን ፊልም አይቶ ፖለቲካው ጎደለ የሚል ሰው ይኖራል ብዬ አላምንም።

ከሁሉ በላይ እንዲያስቡበት የምለምንዎት የሰዎቹን ፈቃድ ነው። በዚያ ደብተር ላይ የሰፈርተኛው ሁሉ ስምና ዕዳ ሰፍሯል፤ ስለዚህ ስሞቹ እንዳይነበቡ ካሜራውን የት እንደማስቀምጥ የወሰንኩት ከባለሱቁ ጋር ተመካክሬ ነው። ደንበኛዋንም የቀረጽኩ ዕለት ካስፈቀድኳት በኋላ፣ የተቀናበረውን ትዕይንት አሳይቻት እንደገና ጠይቄያታለሁ፤ ምክንያቱም ካሜራ ፊት እሺ ያለ ሰው ፊልሙን ጎረቤቱም የወረዳው ሠራተኛም እንደሚያየው በዚያች ሰዓት ላያስብ ይችላል። በተለይ ስለ መንግሥት ምሬቱን የተናገረ ሰው ሐሳቡን ከለወጠ፣ ትዕይንቱ የቱንም ያህል ቢያምር ሊወጣለት ይገባል።

ተራኪን በተመለከተ፣ ቀኑንና ውሳኔውን የሚገልጽ አጭር ጽሑፍ በስክሪኑ ላይ ካስነበቡ ይበቃል። ይልቁንም ድምፅ ቀረጻው ላይ ይጠንቀቁ፤ ማይክሮፎኑ ካሜራው ላይ ብቻ ከሆነ የመንገዱ ጩኸት በባንኮኒው ላይ የሚባለውን ስለሚውጠው፣ ሌላ መቅረጫ ከሚዛኑ አጠገብ ያኑሩ።