የራሳችሁን ፊት ከስክሪኑ አውጡት

ቪዲዮ መሥራት የጀመራችሁ ልጆች ብዙ ጊዜ የምትጠይቁኝ ምን ካሜራ እንግዛ ብላችሁ ነው። ካሜራው ይቆየን። መጀመሪያ ሁለት የቆዩ የቪዲዮ ጥበብ ሥራዎችን ፈልጋችሁ እዩልኝ።

አንዱ «ቡሜራንግ» ነው። አሜሪካውያኑ አርቲስቶች ሪቻርድ ሴራና ናንሲ ሆልት እ.ኤ.አ. በ1974 ቴክሳስ ውስጥ የሠሩት። ሆልት የጆሮ ማዳመጫ አድርጋ ታወራለች፤ ያወራችው ትንሽ ዘግይቶ ወደ ጆሮዋ ይመለሳል። በቃ፣ ሌላ ነገር የለውም። ግን ልብ ብላችሁ ስታዩዋት ንግግሯ ይጎተታል፣ ሐሳቧ ይቆራረጣል፣ የገዛ ድምፅዋ እየተመለሰ መንገድ ይዘጋባታል።

ሁለተኛው ግን ልቤን የወሰደው ነው። ኪት ጋሎዌይና ሼሪ ራቢኖዊትዝ የተባሉ አርቲስቶች እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 1980 ኒውዮርክ ሊንከን ሴንተር አንድ ስክሪን፣ ሎስ አንጀለስ ሴንቸሪ ሲቲ ደግሞ አንድ ትልቅ መደብር መስኮት ላይ ሌላ ስክሪን አቆሙና በሳተላይት አገናኟቸው። «ሆል ኢን ስፔስ» (በህዋ ላይ ያለ ቀዳዳ እንደማለት) ይባላል። ማስታወቂያ የለ፣ የስፖንሰር ስም የለ፣ ማብራሪያ የለ። መንገደኛው እየሄደ ሳለ አገር አቋርጦ ያለ ሰው በሙሉ ቁመናው ፊቱ ቆሞ ያያል፣ ይሰማዋል፣ ያናግረዋል። የመጀመሪያው ምሽት ግርምት ነበር። ከዚያ ወሬው ተዳረሰ፣ ሰው ወዲያ ማዶ ላለ ዘመዱ እየደወለ ተቀጣጠረ፣ በሦስተኛውና በመጨረሻው ምሽት ለዓመታት ሳይተያዩ የቆዩ ቤተሰቦች እዚያ መስኮት ፊት ተገናኙ።

እኔን የሚገርመኝ አንድ ውሳኔያቸው ነው። ሰው የራሱን ምስል የሚያይበት ስክሪን ሆን ብለው አላስቀመጡም። የሚታየው ማዶ ያለው ሰው ብቻ ነው።

አሁን ቪዲዮ ኮል ስታደርጉ ዓይናችሁ የት እንደሚያርፍ ታዘቡ። ጥግ ላይ ያለችው የራሳችሁ ፊት ላይ ነው። እናታችሁ ከቤይሩት ወይ ከሪያድ እያናገረቻችሁ እናንተ ፀጉር ታስተካክላላችሁ። ሆልትን የገዛ ድምፅዋ እንደያዛት እኛን መልካችን ይዞናል፣ እኔ እንደዚያ ነው የማየው።

እና ሞክሩት። ራስን የሚያሳየውን ምስል መደበቅ የሚቻልበት አፕ ካላችሁ ደብቁት፣ ከሌላችሁ ወረቀት ለጥፉበት። ከቻላችሁ ደግሞ ሁለት ካምፓስ ላይ ሁለት ትልልቅ ቲቪ አቁማችሁ አገናኙ። ካሜራውን ከቆመ ሰው ዓይን ትይዩ አድርጉት፣ ድምፁን በደንብ አስተካክሉ፣ ምንም ጽሑፍ አትለጥፉ። ከዚያ ዞር በሉና መጀመሪያ የሚቆመው ሰው ምን እንደሚያደርግ ተመልከቱ።