የድርሻ ክፍፍል አፈጻጸምና ይግባኝ፦ ጥያቄያችሁን አምጡ

ሰላም ለሁላችሁ። ደብረ ብርሃን ላይ ጥብቅና ከያዝሁ ዓመታት አልፈዋል፤ አብዛኛው መዝገቤ የውርስና የባልና ሚስት ንብረት ክፍፍል ነው። ሰዎች "ክርክሩን ረትቼ አፈጻጸም ላይ (ፍርዱ በተግባር ሲፈጸም) ተሸነፍሁ" እያሉ ሲመጡ ያሳዝነኛል፤ ብዙ ጊዜ የሚመጡት ቀኑ ካለፈ በኋላ ነውና። መዝገቡን ሳላይ የምሰጠው መልስ ጠቅለል ያለ መሆኑን ያዙልኝ።

ጋሼ፣ ከሞላሌ ነኝ። የአባታችን ቤት ለአራት እኩል ይከፈል ተብሎ ተፈረደ። ቤቱን ለክቶ እንዲያካፍል የታዘዘው ባለሙያ ግን የመንገዱን ፊት በሙሉ ለታላቃችን ሰጠ፤ ችሎቱም አጸደቀው። ይግባኝ ይባላል?

ይባላል፣ ወንድሜ። ፍርዱ "እኩል" ካለ ካሬው ብቻ ተመሳስሎ ዋጋው ከተራራቀ አፈጻጸሙ ከፍርዱ ወጥቷል። ይግባኝህን በዚህ ላይ አቁመው፤ "ታላቃችን በደለን" የሚለው ታሪክ አይጠቅምህም። ፍርዱ ምን አለ፣ ትዕዛዙ ምን አደረገ፣ ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጥ።

አሁን ግን እኔ ልጠይቅህ፦ የባለሙያው ሪፖርት ሲቀርብ አስተያየት ስጡ ተብላችሁ ነበር? ያን ቀን ዝም ካልህ ይግባኙ ይከብድሃል። አንድ ደንበኛዬ ያመጣው ንድፍ ዛሬም ዓይኔ ላይ አለ። በእርሳስ የተሰመረችው መስመር ማድቤቱን ለሁለት ከፍላ በሩን ለወንድም፣ ምድጃውን ለእኅት አድርጋዋለች። ሜትሩ ልክ ነው፤ የሚኖርበት ግን የለም። ተቃውሟችንን በጽሑፍ አቀረብን፤ ቤቱ በዓይነት (ራሱ ተቆርሶ) እንደማይከፈል ታየ፤ ተገምቶ እኅትዮዋ የወንድሟን ድርሻ በገንዘብ ከፍላ አስቀረችው። በዓይነት ካልሆነ አንዱ ለሌላው ከፍሎ ያስቀራል፤ በዚህም ካልተስማሙ በሐራጅ ተሽጦ ገንዘቡን ይካፈላሉ። ቅደም ተከተሉ ተዘሎ በቀጥታ ሐራጅ ከታዘዘ ጥሩ የይግባኝ ነጥብ ነው።

ትዕዛዙ ከተሰጠ ሦስት ወር ሆነው። አልፎብኛል?

የይግባኝ ጊዜው 60 ቀን ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 323። ካለፈ በቁጥር 326 በቂ ምክንያት አቅርበው ማስፈቀድ አለብዎት። "ጠበቃዬ ዘገየ" በቂ ምክንያት አይሆንም፤ ሕጉ ራሱ ይህን ለይቶ ተናግሯል። ግልባጭ ትዕዛዙ በተሰጠበት ዕለት ይጠየቅ፤ የጠየቁበትም ቀን በጽሑፍ ይያዝ።

ባለሙያ ወጥቶ ይለካ የሚለው ትዕዛዝ ራሱ አላስደሰተኝም፤ በዚያስ ይግባኝ ማለት እችላለሁ?

ለብቻው አይሆንም። ጉዳዩን ያልቋጨ ትዕዛዝ ነው። የመጨረሻው ትዕዛዝ ሲሰጥ አብረው ያነሡታል።

ይግባኝ ብያለሁ፤ ሐራጁ ግን ማስታወቂያ ወጥቶበታል።

እኅቴ፣ ዛሬውኑ ተነሺ! ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸም አያቆምም፤ ዕግድ ለብቻው በማመልከቻ ይጠየቃል። ቤቱ ከተሸጠ የሚደርስብሽ ጉዳት ከባድ መሆኑን አሳዪ፤ ሳትዘገዪ ማመልከትሽንም ግለጪ፤ ዋስትና ስትጠየቂ እንዳትደናገጪ አስቀድመሽ አዘጋጂ። ዕግዱ ከተሰጠ ትዕዛዙ አፈጻጸሙን ለያዘው ችሎት መድረሱን ራስሽ ተከታተዪ። ዕግድ በእጁ ይዞ ቤቱ የተሸጠበት ሰው አይቻለሁ፤ ወረቀቱ ለሦስት ቀን ኪሱ ውስጥ ነበር።

አባታችን ቤቱን በስጦታ ለእኔ እንደሰጡኝ የሚያሳይ ሰነድ አሁን አገኘሁ። አፈጻጸም ላይ ባቀርበው?

አይቀበሉዎትም። የአፈጻጸም ችሎት ፍርዱን እንዳለ ይፈጽማል እንጂ ማን ምን ድርሻ አለው ብሎ እንደገና አይመረምርም። ብዙ ሰው ገንዘቡን የሚጨርሰው እዚህ ላይ ነው፤ በዋናው ክርክር ያላነሣውን በአፈጻጸም ይግባኝ ሊያነሣ ይሞክራል። የሰነዱ ጉዳይ በዋናው ፍርድ ላይ በሚቀርብ አቤቱታ እንጂ በአፈጻጸም አይታይም፤ ሰነዱን ይዘው አንድ ባለሙያ ያማክሩ።

ከደብረ ሲና። በወንድማማቾች ክርክር ውስጥ አልነበርሁም፤ የእኔ ጓሮ ግን አብሮ ለሐራጅ ተያዘ።

ፍርዱ ራሱ መብትዎን ከነካ፣ ሳይፈጸም በፊት በቁጥር 358 መቃወሚያ ለፈረደው ፍርድ ቤት ያቅርቡ። ፍርዱ ውስጥ የሌለ ንብረት በአፈጻጸም ከተያዘ ደግሞ ቁጥር 418 ነው፤ ለአፈጻጸም ችሎቱ ያመለክታሉ። ተከራካሪ ስላልነበሩ በይግባኝ አይጀምሩ።

እነዋሪ ላይ የእርሻ መሬት ክፍፍል ተፈርዶልናል፤ መሬት አስተዳደር "የእያንዳንዱ ድርሻ ከዝቅተኛው የይዞታ መጠን በታች ነው" ብሎ አልለካም አለ።

መሬት በሐራጅ አይሸጥም፤ ሕገ መንግሥቱ ይከለክላል። ቤቱና ባሕር ዛፉ ግን ይገመታል። የጽሕፈት ቤቱን መልስ በጽሑፍ ተቀብላችሁ ለአፈጻጸም ችሎቱ አቅርቡ፤ በጋራ መጠቀምን ወይም ሌላ አማራጭ እንዲያዝ ጠይቁ።

ፍርዱን አግኝቼ ስምንት ዓመት ዝም አልሁ።

ፍርድ እንዲፈጸም የሚጠየቅበት 10 ዓመት አልሞላም፤ ቁጥር 384ን ያንብቡ፤ በዚህ ሳምንት ያመልክቱ።

ይግባኙ የት ነው የሚቀርበው?

ትዕዛዙን ከሰጠው ችሎት በላይ ላለው ፍርድ ቤት። ወረዳ የፈጸመው ከሆነ ከፍተኛው ፍርድ ቤት፣ ደብረ ብርሃን። ዋናውን ፍርድና የአፈጻጸሙን ትዕዛዝ ሁለቱንም ግልባጭ ይዛችሁ ኑ፤ አንዱን ብቻ ይዞ የሚመጣ ሰው ሌላ ቀን ይመለሳል፤ 60ው ቀን ግን አይጠብቀውም።