«ተመጣጣኝነት»፣ «ሚዛናዊነት»፣ «ማመጣጠን»፦ የትኛው የትኛው ነው?

ጥያቄ፦ ስለ ሕገ መንግሥታዊ መብቶች የተጻፈ የትምህርት ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው። መንግሥት መብትን ሲገድብ ገደቡ ከዓላማው አልፎ እንዳይሄድ የሚፈተንበትን መርህ አንዱ «ተመጣጣኝነት»፣ ሌላው «ሚዛናዊነት» ይለዋል። «መብትንና የሕዝብን ጥቅም ማመጣጠን» የሚልም አጋጥሞኛል። አንድ ናቸው? የትኛውን ልያዝ?

መልስ፦ አንድ አይደሉም። ለመርሁ «ተመጣጣኝነት»ን ይያዙ፤ «ማመዛዘን» የሚለውን ለፈተናው የመጨረሻ ደረጃ ብቻ ያቆዩት፤ «ሚዛናዊነት»ን ለጋዜጠኞች ይተዉላቸው። እዚህ ላይ ማቆም በተገባኝ ነበር፤ ጥያቄዎ ግን የቆየ ሙግቴን ቀሰቀሰብኝ።

«መጠንም ሚዛንም መለኪያ ነው፤ ሥራቸውም አንድ ነው፤ ለጆሮ የሚቀለውን መያዝ ይበቃል» የሚሉ አሉ። ሥራቸው አንድ አይደለም። የ«መጠን» መ ሥር ፊደል ነው፤ ግእዙም «መጠነ» ይላል፣ ለካ ለማለት። «አምጣነ» የሚለው አያያዥ የበቀለው ከዚሁ ነው። ወደ «ሚዛን» ስንመጣ ዓረብኛው «ወዘነ» ብሎ ሥሩ ወ-ዘ-ነ መሆኑን ይነግረናል፤ ሚ የመሣሪያ ስም የሚያበጅ ባዕድ መነሻ ነው። እኛ ባዕዱን ከሥር ፊደል ቆጥረን «መዘነ» የሚል ግስ አወጣንለት። እንግዲህ ሁለቱን ቃላት የሚያመሳስላቸው መ በአንዱ የቤት ልጅ፣ በሌላው እንግዳ ነው።

ግእዝ ለሚዛን የራሱ ቃል አለው፤ «መዳልው» ይለዋል፣ ከ«ደለወ»። «ደለወ» መዘነም ነው፣ ተገባም ነው፤ «ይደሉ» ስንል «ይገባል» ማለታችን ነው። «አድልዎ» የበቀለውም ከዚህ ሥር ነው። የተገባውና የተዳላው ከአንድ ሥር መውጣታቸው ለጥያቄዎ አያስፈልግም፤ ሳልጠቅሰው ማለፍ ግን አልቻልኩም።

ወደ ፍሬ ነገሩ ልመለስ። የተመጣጣኝነት መርህ ከፕሩሲያ፣ ከቀድሞዋ የጀርመን መንግሥት፣ የፖሊስ ሕግ ተነስቶ በጀርመን ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት የጎለመሰ፣ ከዚያም ወደ ብዙ አገሮች የተዛመተ ነው። ፈተናው ብዙውን ጊዜ በአራት ጥያቄ ይከፈላል። የገደቡ ዓላማ ተገቢ ነው? የተመረጠው መንገድ ወደ ዓላማው ያደርሳል? መብቱን ከዚህ ባነሰ የሚጎዳ፣ ግን እኩል የሚያደርስ ሌላ መንገድ የለም? በመጨረሻም፣ የሚገኘው ጥቅም በመብቱ ላይ ከሚደርሰው ጉዳት ያመዝናል? ሚዛን የሚወጣው በአራተኛው ላይ ብቻ ነው። ሦስቱ የመመጠን ጥያቄዎች ናቸው፤ መንገድን በዓላማ ልክ መቁረጥ።

ልዩነቱ የቃል ብቻ እንዳይመስልዎ። የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1986 በኦክስ ጉዳይ የመረመረው ሕግ አደንዛዥ ዕፅ የያዘ ሰው ለማዘዋወር እንደያዘ ይገምታል፤ አለመሆኑን የማስረዳት ሸክም የተከሳሹ ነው። ፍርድ ቤቱ ትንሽ ዕፅ መያዝ ለማዘዋወር መታሰቡን አያሳይም፣ መንገዱና ዓላማው አልተገናኙም ብሎ ሕጉን ጣለው። ጉዳዩ እዚያው አለቀ፤ ጥቅምና ጉዳት ከሚመዘኑበት ደረጃ አልደረሰም። ፈተናውን በሙሉ «ማመዛዘን» ብለን ብንጠራው ምንም ያልተመዘነበትን ፍርድ የማመዛዘን ፍርድ ልንለው ነው። ጀርመኖቹም ሁለት ቃል ይዘዋል፤ የመርሁ ስም በውስጡ «መጠን» የሚል ቃል አለበት፣ የመጨረሻው ደረጃ ስም ደግሞ ከ«መመዘን» የወጣ ነው። አማርኛ ሁለቱም ሳሉት ለምን አንዱን ይጥላል?

«ሚዛናዊነት» የሰው ወይም የዘገባ ጠባይ ነው፤ ለማንም አለማዳላት ነው። ገደቡን «ሚዛናዊ» ስንል መብቱና ገደቡ እኩል ቦታ ላይ የቆሙ ይመስላል። በዚህ መርህ ግን መነሻው መብቱ ነው፤ ለገደቡ ምክንያት የማቅረብ ዕዳ የመንግሥት ነው።

ከሁሉ የሚከፋብኝ «ማመጣጠን» ነው። «አመዛዘነ»ም «አመጣጠነ»ም አደራራጊ አዕማድ፣ ማለትም ሁለት ነገሮችን እርስ በርስ የሚያገናኝ የግስ ቅርጽ፣ ናቸው፤ በቅርጽ ወንድማማች፣ በፍጻሜ ግን የተለያዩ። ያመዛዘነ ሰው ሁለቱን ሚዛን ላይ አውጥቶ የትኛው እንደደፋ ያያል፤ ያመጣጠነ ሰው ከዚህ ቀንሶ እዚያ ጨምሮ እኩል ያደርጋቸዋል። ዳኛ «አመጣጥናለሁ» ካለ ፍርዱን አስቀድሞ ተናግሯል፤ መብቱ ሊቀነስ ነው።

ማመዛዘኑ ራሱ ነቃፊ አላጣም። አሜሪካዊው ዳኛ አንቶኒን ስካሊያ እ.ኤ.አ. በ1988 በአንድ የንግድ ጉዳይ ላይ፣ እንዲህ ያለው ሥራ አንድ መስመር የሚረዝመው አንድ ድንጋይ ከሚከብደው ይበልጥ እንደሆነ እንደመፍረድ ነው የሚል ትችት ጽፎ ነበር። ነቀፌታው በእኛ ቋንቋ ይበልጥ ይገባል፤ ርዝመት ይለካል እንጂ አይመዘንም።

ለሦስተኛው ጥያቄ ብዙዎች «አስፈላጊነት» ይላሉ። የላላ ቃል ነው፤ ከ«ፈለገ» የመጣ ስለሆነ ተፈላጊውን ሁሉ አስፈላጊ ያደርገዋል። ሐሳቡ «ሌላ መውጫ የለም» ነውና «የግድነት» ቢባል እመርጣለሁ።

እንዲያውም ለመርሁ ለራሱ የእኔ ምርጫ «ምጥንነት» ነበር። «ተመጣጠነ» ተደራራጊ ነው፤ ሁለቱ እርስ በርስ ይመጣጠናሉ ማለት ነው። ገደቡ ግን ለዓላማው ይመጠናል እንጂ ዓላማው ለገደቡ አይመጠንም። ምጥን ገደብ፤ አጭር፣ ጥርት ያለ። መመጠን ደግሞ ከድርጊቱ በፊት የሚሠራ ሥራ ነው፤ «መጥኖ መደቆስ ድሮ ነበር» የተባለውም ሳይመጥን ለጀመረ ሰው ነው። ሕግ አውጪው ይመጥን፣ ዳኛው ኋላ ይመዝን፤ ክፍፍሉ በግሶቹ ውስጥ አለ። በአራተኛው ደረጃ ጥቅምና ጉዳት እርስ በርስ ስለሚተያዩ ተደራራጊው ቅርጽም ያስኬዳል ብለው የሚከራከሩኝ አሉ፤ የሚረባ መልስ የለኝም፣ ምርጫዬን ግን አልቀየርኩም። ይሁንና «ተመጣጣኝነት» በሕግ መጻሕፍትና በክፍል ውስጥ ሥር ሰዷል፤ «ምጥንነት» ብለው ቢጽፉ አንባቢዎ የአጻጻፍ ማጠር ይመስለዋል። በጽሑፍዎ እርሱን አይሞክሩት። «የተመጣጣኝነት መርህ» ብለው ይጀምሩ፤ አራተኛው ደረጃ ላይ ሲደርሱ «ማመዛዘን» ይበሉ፤ «ማመጣጠን» ያለውን ሁሉ ይሰርዙ።