መልስ፦ ብሉይ ኪዳን ውስጥ ሽሙጥ አለ ወይ?

ወዳጄ፣ “ብሉይ ኪዳን ውስጥ ቀልድና ሽሙጥ አለ ወይ?” ብለህ ለጠየቅከው፣ አዎ፣ በደንብ አለ። 1ኛ ነገሥት 18ን ረጋ ብለህ አንብበው። ቀርሜሎስ ተራራ ላይ 450 የበኣል (የጣዖት አምላክ) ነቢያት፣ አምላካቸው እሳት አውርዶ እንዲመልስላቸው ከጠዋት ጀምሮ ይጮኻሉ። መልስ የለም። እኩለ ቀን ላይ የእግዚአብሔር ነቢይ ኤልያስ ያላግጥባቸው ጀመር። ጮክ በሉ እንጂ፣ አምላክ አይደል? ሐሳብ ይዞት ይሆናል፣ መንገድ ሄዶ ይሆናል፣ ተኝቶም ከሆነ ቀስቅሱት! መሃል ላይ “ፈቀቅ ብሎ ይሆናል” የሚልም አለ። ዕብራይስጡን ብዙ ሊቃውንት “ሊጸዳዳ ሄዶ ይሆናል” ብለው ነው የሚረዱት። እኛስ በጨዋ ደንብ “ወጣ ብሎ ነው” እንል የለ? እኔን በጣም የሚገርመኝ ግን ቀጥሎ ያለው ነው። ሰዎቹ ሽሙጡን እንደ ምክር ወሰዱት። የባሰ ጮኹ፤ ደማቸው እስኪፈስ ገላቸውን በካራ ቆራረጡ። ትንቢተ ዮናስንም እየው፤ ነነዌ ከተማ ውስጥ ለንስሐ ከብቶቹ ሳይቀሩ ማቅ እንዲለብሱ ታዟል።